አይላሹ እስኪፈቀድ

ቤተሰቡ ሚጣ የሚላት ልጅ ከሰባት ዓመቷ ጀምሮ የጠርሙስ ቂጥ የመሰለ መነጽር ስታደርግ ኖረች። ሃያ ስድስት ሲሞላት ዓይኗን በሌዘር ታከመችና ተገላገለችው። ከክሊኒኩ ደግፎ ያወጣት እጮኛዋ ነበር፤ የጭነት መኪና ሹፌር ነው።

“አለቃዬ፣ አሁን መልኬን አጥርተሽ ስታዪው ሐሳብሽን እንዳትቀይሪ” አላት።

በማግስቱ ረጅም መንገድ ወጣ። የሚመለሰው ከወር በኋላ ነው።

እሷን የማስታመሙ ጣጣ ለታላቅ እህቷ ቀረ። እህቷ አይላሽ ሠሪ ናት። አንዲት ጠባብ ክፍል ተከራይታ፣ አልጋ ዘርግታ፣ መብራት ተክላ፣ የሴቱን ሽፋሽፍት በወረንጦ አንድ በአንድ እየለየች ትቀጥላለች። የሚጣ ምኞት እዚያ አልጋ ላይ ተኝታ፣ አምራ ተነስታ፣ ሹፌሩን መቀበል ነበር። ዕድሜ ልኩን በመስታወት ስር የተደበቀ ዓይን አንድ ቀን እንኳ ይታይላት!

“እትዬ፣ ጫፍ ጫፉን ብቻ።”

“ሐኪሟ ያለችውን ሰምተሻል፣ ሚጣዬ። ኩልና ማስካራ ከሁለት ሳምንት በኋላ፤ አይላሽ ደግሞ ወር ሞልቶ፣ እሷ አይታሽ ነው። ሙጫው ይተናል፣ ዓይን ይቆጠቁጣል። ቆጥቁጦሽ አንዴ ብታሺው ያቺ በሌዘሩ ጊዜ ተገልጣ የተመለሰች የዓይንሽ ስስ ሽፋን ከቦታዋ ትንሸራተታለች። ከዚያ እኔን ነው የምትረግሚኝ።”

ሕጉን እንደ ወታደር አስከበረችው። ጠብታውን በሰዓቱ ትጨምርላታለች። በእንቅልፍ ልቧ እንዳታሸው መሸፈኛውን በፕላስተር ትለጥፍላታለች። የሚጣን የመኳኳያ ቦርሳ ቁም ሳጥን ውስጥ ቆልፋ ቁልፉን ከጉያዋ አልለይ አለች። ሚጣ “ወህኒ ቤት እንኳ መጠየቂያ ቀን አለው” ብላ አጉረመረመች።

በስድስተኛው ቀን እህቲቱ ጠዋት ወጥታ አመሻሽ ላይ ገባች። ጫማዋ ጭቃ ብቻ ነው። ዓይኗ ደም መስሏል።

“ምን ሆነሻል?”

“ሙጫው ነው። ደንበኛ ቤት ድረስ ሄጄ ስሠራ ዋልኩ፤ ክፍሉ መስኮት የለውም።”

ከዚያን ቀን ወዲያ የራሷን አይላሽ አነሳችው። ከበሯ ላይ ከተለጠፈው ፎቶ ይልቅ ገበያ የሚጠራላት የገዛ ዓይኗ ነበር። “አልስማማ አለኝ” አለች። ሚጣ ግን አንድ ነገር ትዝ አላት። ሹፌሩ አንድ ቀን ምሳ ላይ፣ ለቀልድ ያህል፣ እህቷን “አንቺ እኮ ያለ ምንም ነው የምታምሪው” ብሏት ነበር። ያን ጊዜ ሦስቱም ስቀው ነበር።

ሹፌሩ መደወል ተወ። መልእክት ብቻ ይልካል፣ እሱንም አጠር አድርጎ። “ኔትወርክ የለም። ደህና ነኝ። ዓይንሽን እንዳታሺ፣ ሚጣዬ።” ስትደውል ይጠራል፤ አይነሳም።

አንድ ቀን ቤት መዋል ታክቷት ሳትናገር ወደ እህቷ ሥራ ቤት ሄደች። ከበሩ ማዶ የሴቶች ድምፅ ይሰማታል። ስትገባ ሁሉም ዝም አለ። አንዲቱ ደንበኛ ከአልጋው ተነስታ አቅፋ ሳመቻትና አልለቅም አለች፤ እህቲቱ በዓይኗ ገሠጸቻት።

“ማን ውጪ አለሽ? አቧራ ነው!” አለቻት ሚጣን፣ ክንዷን ይዛ ወደ በሩ እየመራች።

ሚጣ መንገዱን ሁሉ ጥርሷን ነክሳ ተመለሰች። ሀገር ያወቀውን እኔ ብቻ ነኝ ያላወቅኩት፣ አለች በልቧ።

ለሐኪሟ ቀጠሮ አንድ ቀን ሲቀር ጥጥ ፍለጋ የእህቷን ቦርሳ ከፈተች። ከታች በመሐረብ የተጠቀለለ ነገር አገኘች። የሹፌሩ ስልክ ነው። መስታወቱ ተሰነጣጥቋል፤ ከጀርባው ራሷ የለጠፈችለት ትንሽ አበባ ግን እንዳለች አለች።

እንግዲያው ከተማ ውስጥ ነው። ስልኩን ረስቶ እስኪሄድ ድረስ እህቷ ዘንድ ይውላል። እንባዋ ሊመጣ ሲል ዓይኗን ፈርታ ዋጠችው። ስልኩን ኪሷ ከተተች። ነገ ይፈቀድልኝ፣ አለች፤ ተኳኩዬ ሁለቱም ፊት እቆማለሁ።

በማግስቱ ሐኪሟ ዓይኗን በመሣሪያ ደጋግማ አየችና ፈገግ አለች።

“ድኗል። ከፈለግሽ አይላሹንም ማሠራት ትችያለሽ። ብቻ ሙያውን በሚያውቅ ሰው።”

እህቲቱ አልሳቀችም። ወንበሩን ወደ ሐኪሟ ጠጋ አደረገች።

“ዶክተር፣ ብታለቅስስ?”

“ማለት?”

“ብዙ ብታለቅስ። ቀን ከሌት ብታለቅስ፤ ይጎዳታል?”

“እንባ አይጎዳትም። ከመጀመሪያውም አይጎዳትም ነበር። እኛ የከለከልነው ማሸቱን ነው።”

እህቲቱ እጇን አፏ ላይ ጫነች።

ኮሪደሩ ላይ እንደወጡ ሚጣ መታገሥ አቃታት። ስልኩን ከኪሷ አውጥታ እህቷ ፊት ደቀነችው።

“ወር ሙሉ ቤት የዘጋሽብኝ ለዚህ ነው? እህት ብዬ አምኜሽ! ንገሪኝ፣ የት ነው ያለው?”

እህቲቱ ስልኩን አየችው። ትከሻዋን ይዛ አግዳሚው ወንበር ላይ አስቀመጠቻት፣ ፊቷ ተንበረከከች፣ ሁለቱንም እጆቿን ከአንጓቸው አጥብቃ ያዘች።

“ከቀበርነው ሃያ አራት ቀን ሆነው።”