መብረቅ የማይነካው ቦታ

አውሮፕላኑ ደመና ውስጥ ገብቶ መናጥ ሲጀምር ሰውዬው ቀበቶውን ለሦስተኛ ጊዜ አጠበቀ። መብረቅ የመታቸውን አውሮፕላኖች ሲጠግን አሥራ አንድ ዓመቱ ነው፤ ራሱ ሲሳፈር ግን ዛሬም ይፈራል። ድንገት ክንፉ ላይ ነጭ ብርሃን ቦግ አለና ጆሮ የሚያደነቁር ድምፅ ተከተለ።

አጠገቡ የተቀመጡት ጥቁር የለበሱ እናት ክንዱን ያዙት።

«መታን እንዴ፣ ልጄ?»

«መታን። ግን አይዞዎት፣ እማማ። በብረቱ ላይ ሄዶ በጅራቱ ይወጣል እንጂ ውስጥ ያለውን ሰው አይነካም።»

«እርግጠኛ ነህ?»

«ሥራዬ እኮ ነው!»

ከደመናው ሥር ዝናብ ያራሰው ማሳ ብቅ ሲል ሰውዬው በረጅሙ ተነፈሰ።

«ተመስገን! ልናርፍ ነው።»

ሴትየዋ ክንዱን ይበልጥ ጨበጡት።

«እባክህ አታውርዱን በላቸው። ሁለቱን ልጆቼን መብረቅ የገደለብኝ እዚያ ታች ነው።»