ጣት የጎደለው ጡብ

አሜሪካ፣ ቨርጂኒያ ውስጥ፣ ለጎብኚ ተብሎ በቅኝ ግዛት ዘመን መልኩ በታደሰው ከተማችን፣ ዕድሜዬን ሙሉ በጥንቱ ዘዴ ጡብ ስሠራ አንድ ቀን ያመሰገነኝ የለም።

አምና ቁፋሮ የምትሠራው ዶርካስ ከአገረ ገዢው ቤት መሠረት ሥር የእጅ መዳፍ የታተመበት ጡብ አወጣች። በባርነት የሠሩት ቅድመ አያቶቻችን ሳይደርቅ የነኩት ነው። መዳፌን ባሳርፍበት ልክክ አለ፤ የልጅነት ጠባሳዬ እንኳ አልቀረም። የትንሿ ጣት ቦታ ብቻ ባዶ ነበር። የእኔ ትንሿ ጣት ግን ያኔ ገና ነበረች።

«ጋሼ ሩፈስ፣ ለካ ሦስት መቶ ዓመት ኖረሃል! ጡረታ አይሰጡህም እንዴ?» ብላ ሳቀች።

በመከር፣ ለጎብኚ የማናሳየው የጭቃ ማቡኪያ ማሽን ትንሿን ጣቴን በላት። አለቃችን ዊትፊልድ «የራስህ ዝርክርክነት ነው» አለኝና ነገሩን ዘጋው።

ዛሬ ዶርካስ ከዚያው መሠረት ያወጣችውን ሌላ ጡብ ይዛ መጣች። አልሳቀችም።

«ጋሼ፣ በእናትህ፣ ዛሬ ማሽኑ ጋ አትሂድ።»

ዊትፊልድ ማሽኑን አስነስቶ ጮኸ፦ «አንተ ሰውዬ! ወይ ና ሥራ፣ ወይ ጠቅልለህ ቤትህ ግባ!»

መዳፌን ጡቡ ላይ አሳረፍኩ። ጠባሳው ገጠመ። ከመዳፉ በላይ ግን ጡቡ ልሙጥ ነበር፤ አንድም ጣት የለበትም።