የጉልበት ፍርድ

ዘርፌ ውሃ የሞላውን ጀሪካን አንስታ ደረጃውን ልትጀምር ስትል አንዲት ሴት መጥታ ፊቷ ቆመች።

«እባክሽ እህቴ፣ ዛሬ ደረጃውን አትውጪ።»

«ማን ልበል?»

«የመቶ አለቃ ጉልላት ባለቤት ነኝ።»

ዘርፌ ጀሪካኑን አስቀመጠችው። ጉልላት ምርመራ ክፍል ውስጥ ጉልበቷን የሰበረው ፖሊስ ነው። ድሮ እንዲህ ያለ ፍርድ ወረቀት ላይ ይቀር ነበር። አሁን ግን ፍርድ ቤቱ በተበዳይም በበዳይም ጉልበት ውስጥ ትንሽ መሣሪያ ያስቀብራል፤ እሷን ባመማት ቁጥር እሱንም እኩል ያመዋል። ፍርዱ እስክትድን ነው። ሐኪሞቹ ደግሞ አትድኚም ብለዋታል።

«ትናንት ሲያመው ልጃችንን እንዳቀፈ ወደቀ» አለች ሴትየዋ።

ዘርፌ ደነገጠች። «ልጁስ?»

«ተርፏል። ግንባሩ ግን ተሰፋ።»

ዘርፌ እስከ ግቢው በር ሄዳ ተመለሰች። እንደገናም ሄደች። ያን ፍርድ ለማግኘት ስንት ችሎት ተመላልሳለች!

«ቤቴ አራተኛ ፎቅ ነው። ውሃ ሳላወጣ እንዴት ልኑር?»

ሴትየዋ ጎንበስ ብላ ጀሪካኑን ያዘች። «በየቀኑ እኔ አወጣልሻለሁ።»

«ተዪው!» አለች ዘርፌ ጮክ ብላ። «አንቺ ላይ አልተፈረደም።» ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ስልክ ቁጥሬን ያዢና ወደ ቤትሽ ሂጂ። ልጁን ከአባቱ እጅ ስትቀበዪው ደውዪልኝ።»

ሴትየዋ እንባዋን እየጠረገች ሄደች። ዘርፌ አንዴ ስትቀመጥ አንዴ ስትነሳ፣ ስልኳን ደጋግማ ስታይ ቆየች። በመጨረሻ ተደወለ።

«ተቀብዬዋለሁ።»

ዘርፌ ጀሪካኑን አንስታ ደረጃውን መውጣት ጀመረች።