ቴፕ ቁጥር 417

“ስሙን ብቻ ንገሪኝ። ማን ነው ቴፑን ያስደመሰሰው?” አለ ሊዮኔል ፋርዲንግ፣ የቴሌቪዥን ጣቢያው መዝገብ ቤት ጠረጴዛ ፊት ቆሞ።

“መጀመሪያ ይፈርሙ” አለችው መዝገብ ያዧ ኦልዌን፣ የጎብኚዎቹን ደብተር እየገፋችለት። “ደንቡን አያነቡትም?”

“ወረቀት እያነበብኩ ብፈርም ኖሮ አንድም ድራማ አልሠራም ነበር።”

የራሱን ብዕር አውጥቶ ፈረመ።

“ዛሬም አረንጓዴ ቀለም?”

“ሌላ ሰው አረንጓዴ አይጽፍም። አሁን ቴፑ እንዲደመሰስ የታዘዘበትን ቅጽ አምጪ።”

ሊዮኔል ሰማንያ አንድ ዓመቱ ነው። በመጪው ወር ሥራዎቹ በሙሉ ለንደን ውስጥ ሊታዩ ነው፤ የመጀመሪያው ድራማ ብቻ የለም፤ የተቀዳበት ቴፕ ቁጥር 417 ተደምስሷል። መሪ ተዋናይዋ ሄስተር ከዚያ ሌላ ካሜራ ፊት ሳትቆም ሞታለች። አሁን ከጎኑ የቆመችው ልጇ ታምሲን ያኔ የሁለት ዓመት ሕፃን ነበረች። የእናቷን ድምፅ አታውቀውም።

“ክሌግ ነው” አላት ሊዮኔል። “አለቃችን የነበረው። እናትሽ የሰሜን እንግሊዝ ሰው ነበረች፣ አነጋገሯን ሲሰማ ‘ይቺን ዓሣ ሻጭ ከየት አመጣሃት’ ይለኝ ነበር።”

“ሞቷል አሉኝ።”

“መቃብሩን አሳይሻለሁ። ትተፊበታለሽ።”

ኦልዌን ከመደርደሪያው አንድ የወየበ ፋይል አወረደች።

“ያኔ ቴፕ ውድ ነበር” አለች። “አዲስ ሲጠፋ አሮጌው ይደመሰስና ይቀዳበታል። እርስዎም ለሁለተኛው ድራማ ቴፕ አጣሁ ብለው ሳምንቱን ሙሉ ሲጮኹብኝ ከርመዋል።”

“ካልተጮኸብሽ መቼ ትንቀሳቀሺያለሽ? ያ ድራማ ሽልማት አመጣ።”

“አመጣ።”

እጁን ዘረጋ። ኦልዌን እሱን አልፋ ፋይሉን ለታምሲን ሰጠቻት።

“ፋይሉን ለማየት ማመልከቻው የገባው በእሷ ስም ነው።”

“ይሁን፣ አንብቢው” አለ ሊዮኔል። “ጮክ ብለሽ። የዚያን አውሬ ስም ካንቺ አፍ ልስማው።”

ታምሲን በልቧ አነበበች። ዓይኗ ከወረቀቱ ተነስቶ ተከፍቶ ወደቀረው ደብተር ሄደ፤ እዚያው ቆየ።

“ክሌግ ነው አይደል?”

ወረቀቱን ደብተሩ ላይ አኖረችው፣ አረንጓዴውን ፊርማ ከአረንጓዴው ፊርማ ጎን። ኮቷን አነሳች።

በሩ ተዘጋ።