ዜሮ ለዜሮ

ጨዋታው ሊያልቅ ሰከንዶች ሲቀሩት ተከላካዩ አገኘሁ ኳሷን ትቶ የአጥቂውን ቅልጥም በሆኪ ዱላው መታው። አጥንቱ ሲሰበር ዳር የቆመው ሰው ሁሉ ሰማ። በ1979 የናይሮቢ ውድድር የካሳራኒው ቡድን አራት ጊዜ ዜሮ ለዜሮ የወጣው በዚህ ተከላካይ ዱላ ነበር፤ በደህና እግሩ ግቡ አጠገብ የደረሰ አጥቂ አልነበረም። ዛሬም አቻ ከወጡ ዋንጫው የእነሱ ነው።

አጥቂው ሣሩ ላይ ተጠቅልሎ፣ «ኧረ እናቴ! እግሬን!» ብሎ በአማርኛ ጮኸ።

አገኘሁ ዱላውን ጥሎ አጠገቡ ተንበረከከ። ማልያውን አውልቆ እግሩን እያሰረለት፣ «ከመጣህ ስንት ጊዜህ ነው?» አለው።

«ሁለት ወሬ ነው» አለ ሰውየው ጥርሱን ነክሶ። «ከነጌሌ እስከ ሞያሌ በእግሬ መጣሁ። ድንበር ላይ ወታደሮች ሲተኩሱብኝ አንዲት ጥይት እንኳን አልነካችኝም።»

ዳኛው የመጨረሻውን ፊሽካ ነፋ። ኬንያውያን ጓደኞቹ በደስታ እየጮሁ መጥተው አገኘሁን ከመሬት አፈፍ አድርገው ትከሻቸው ላይ አወጡት። ጭንቅላታቸውን በጡጫ እየደበደበ፣ «አውርዱኝ! አውርዱኝ!» አለ። ከዚያ ሁሉ ሰው የሚለው የገባው መሬት ላይ የተኛው ብቻ ነበር።