ወደ ጎን

ኳሷ ተከላካዩ እስማኤል እግር ሥር ስትወድቅ፣ በረኛው ስንሻው መረቡን ትቶ ወደ ፊት ወጥቶ ነበር። የገዳሪፉ ኮሌጅ ቡድናቸው ዓመቱን ሙሉ ሳይሸነፍ ለመጨረሻው ጨዋታ ደርሶ፣ አቻ ከወጣ ዋንጫውን የሚወስድ ነበር። ዳኛው ሰዓቱን ሲያይ የተጋጣሚው አጥቂ እስማኤል ላይ ተንደረደረበት። ሜዳ ላይ ሁልጊዜ የሚግባቡት በዓረብኛ ነበር፤ ድንጋጤ ግን የስንሻውን አፍ ወደ ጎንደር መለሰው።

«ወደ ጎን! እስማኤል፣ ወደ ጎን!»

እዚያው ሱዳን፣ ሾዋክ ተወልዶ ያደገው፣ አማርኛም እምብዛም የማያውቀው እስማኤል ዞር ብሎ እንኳ አላየም። ኳሷን በጎን እግሩ ረጋ አድርጎ ወደ ኋላ ላካት። ስንሻው ተወረወረ፤ የዘገነው አቧራ ብቻ ሆነ። ኳሷ ምንም ሳትቸኩል ተንከባልላ መስመሩን አለፈች።

ስንሻው በጉልበቱ ተንበርክኮ ጓንቱን አፉ ላይ እንደ ጫነ ቀረ።

«አንተ! ምን ነካህ? ወደ ጎን አላልኩህም?»

«አልከኝ እንጂ!» አለ እስማኤል፣ ዓይኑ ባዶው መረብ ላይ ፈጦ። «ወላሂ፣ እንዳልከኝ ነው ያደረግሁት። አንተ እዚያው የቆምክ መስሎኝ...»

ስንሻው ሊሰድበው አፉን ከፈተ። ያኔ የተጋጣሚው ደጋፊ ከሜዳው ዙሪያ እጁን እያወናጨፈ ገነፈለ፤ ስንሻው ዓመቱን ሙሉ ኳስ መረብ በነካች ቁጥር ሲሰማው የከረመውን የሱዳኖቹን ቃል በአንድ ድምፅ እየጮኸ፦

«ጎን! ጎን! ጎን!»