የፈዲላ ባል የሚያውቃቸው አገሮች

ፈዲላ ከአምባሰል ወርዳ ሐይቅ ከተማ፣ ከነዙለይሃ ግቢ ቀጥሎ አንዲት ክፍል ቤት ተከራየች። ምንጣፍ፣ ባልዲና ሁለት ድስት ይዛ ገባች። ጎረቤቱ ግን ዕቃዋን ትቶ ባሏን ነበር የሚፈልገው።

«ለመሆኑ ባል አለሽ?» አለቻት ባንቺአየሁ፣ ሴቶቹ ሁሉ ልብስ በሚያጥቡበት የሐይቁ ዳር።

«አልሐምዱሊላህ፣ አለኝ።»

«ማን ይባላል?»

ፈዲላ በሻርፗ ጫፍ አፏን ሸፍና ሳቀች። ባንቺአየሁም አልገፋችባትም። ደንብ የያዘች ሴት የባሏን ስም አትጠራም፤ «እሱ» ትላለች፣ ያልቃል።

ከዚያ ወዲህ የሐይቁ ዳር ወሬ ሁሉ «እሱ» ሆነ።

«እሱ እንዳለኝ፣ ሌሶቶ የሚባል አገር አለ» ትላለች ፈዲላ አንሶላ እየጨመቀች። «ዙሪያውን ሁሉ ደቡብ አፍሪካ ነው። በየት ቢወጡ የጎረቤት ደጅ ሳይረግጡ አይሆንም።»

«የኔን ቤት አትይውም!» አለች ባንቺአየሁ። «አማቴ ግቢ መካከል!»

ሴቶቹ በሳቅ ሞቱ። በሌላ ቀን ደግሞ ኮሞሮስን አመጣች። ባሕር ላይ ያሉ ደሴቶች ናቸው፣ ሕዝቡ እስላም ነው፣ ቅርንፉድ ያበቅላሉ። አራት ነበሩ። ከፈረንሳይ እንላቀቅ ሲባል ሦስቱ ወጡ፤ አንዷ ግን እኔ እዚሁ እቀራለሁ ብላ ይኸው እስከ ዛሬ ቀርታለች።

«አበጀች! የለመደችውን ትታ ወዴት ትሂድ!»

ይህን ሁሉ የሚያውቅ ሰው መርከበኛ መሆን አለበት አሉ ሴቶቹ፣ እርስ በርሳቸው። ፈዲላ ነው አላለች፣ አይደለም አላለች።

ዙለይሃ ብቻ አልሳቀችም። ልብሱን ጠላቷ ይመስል ትወቅጠው ነበር።

መቸም ያቃጠላት አገሩ አይደለም። ሌሶቶ ቢገለበጥ ምን ገዷት። ያቃጠላት አንድ ወንድ ቁጭ ብሎ፣ ለሚስቱ ይህን ሁሉ ማውራቱ ነው። የሷ ባል ሀሚዱ ዓሣ አጥማጅ ነው። ጠዋት መረቡንና ሬዲዮኑን ይዞ ይወጣል፣ ማታ ያጠመደውን ቆሮሶ ዓሣ ደጃፍ ላይ ያስቀምጣል፣ ይበላል፣ ይተኛል። አንዳንድ ቀን መረብ እጠብቃለሁ ብሎ ዳር ያድራል። አዲስ ሙሽሮች ሳሉ አንድ ነገር ሊያወራት ሲጀምር «ወሬ ወጥ አይሆንም!» ትለው ነበር። ኋላ እሱም ተወው። አሁን ደግሞ ዝም ማለቱ አስከፋት።

«የሷ ባል ከባሕር ማዶ ያወራላታል፤ የኔው አጠገቤ ተኝቶ ዲዳ ነው» ትላለች ለባንቺአየሁ።

«ቅናት ነው የያዘሽ፣ አንች።»

«ምን አላት ብዬ? ኧረ ባልም የላት!»

ከዚያ ወዲያ ዙለይሃ ማየት ያዘች። ቀን በፈዲላ በር የሚገባ ወንድ የለም። ከውጭ መጣ የሚባል ዕቃ የለም። ያቺ ደግሞ ይህን ሁሉ ዓይን እያየች፣ ሐይቁ ዳር ጥሩውን ማጠቢያ ድንጋይ ሁልጊዜ ለዙለይሃ ትለቅላታለች። ውሸታም ካልሆነች ምን አቅለሰለሳት?

ነገሩ የፈነዳው ፈዲላ ቅሬ ልግባ ብላ የጠየቀች ለት ነው። ቅሬ ማለት ሞት ሲመጣ የሚቀብር፣ ከለቀስተኛው ጋር የሚቀመጥ ጎረቤት ነው። ቅሬ የሌለው ሰው ሬሳው ደጅ ቀረ ማለት ነው።

«ባሏ የማይታወቅ ሴት እኛ ቅሬ አትገባም!» አለች ዙለይሃ፣ እዚያው ልብስ ማጠቢያው ላይ። «በይ እስኪ ስሙን ጥሪው!»

«እትዬ ዙለይሃ፣ ነውር ነው።»

«ነውሩስ የሌለ ባል ነው!»

ለማንም መልስ የማታጣው ፈዲላ አንገቷን ደፋች። እንባዋ ባልዲው ውስጥ ሲንጠባጠብ ሴቶቹ ሁሉ አዩ።

«ተያት በአላህ! ካላስገቧት እኮ ቤቱንም ትለቃለች» አለች ባንቺአየሁ።

«ትልቀቃ!»

ቅሬው አርብ ከጁምዓ በኋላ እንዲሰበሰብ ተባለ። ዙለይሃ ያን ለት ነጭ ሻርፗን አውጥታ ለበሰች። ሀሚዱ መረቡን ይዞ በሩ ላይ ቆመ፤ አልወጣም።

«ዙለይሃ፣ ቆይ፣ አንድ ነገር ልንገርሽ።»

«ዛሬ ነው አፍህ የተፈታው? ሂድ ለዓሣው ንገረው!» ብላው በጎኑ አልፋ ወጣች።

ሰው መስጊዱ አጥር ሥር ተቀምጧል። የቅሬው ዳኛ አያ ዋለ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ይችን ልጅ አትገባም የሚል ማነው?»

«እኔ ነኝ!» ብላ ተነሳች ዙለይሃ። «ሌሶቶ፣ ኮሞሮስ እያለች ስታሞኘን ከረመች። ባል ካላት ኒካሁን ያሰረው ሸህ ይምጣና ይመስክር! እውነት ከሆነ ወላሂ እህቴ ናት፤ ቤቴ ቤቷ ነው፣ የበላሁትን ትበላለች። ሰው ሁሉ ይስማኝ!»

«ሰምተናል» አለ አያ ዋለ።

ፈዲላ ከኋላ ተቀምጣ ፊቷን በሻርፗ ሸፈነች።

ያን ጊዜ ሸህ ኑርዬ ከመስጊዱ በር ላይ ሆነው እጃቸውን አነሱ።

«ኒካሁን ያሰርኩት እኔ ነኝ» አሉ። «ልጅቱ ባል አላት። አልዋሸችም።»

ሰዉ ሁሉ ወደ ዙለይሃ ዞረ። ዙለይሃ ፊቷ ደም መሰለ፤ መሸነፍ ግን አልፈጠረባትም።

«እሽ ይሁን። ታዲያ ማነው እሱ? በየትኛው ባሕር ላይ ነው ያለው?»

ሸህ ኑርዬ ትክ ብለው አዩዋት።

«እንዴ ልጄ፣ ሀሚዱ አልነገረሽም?»